አምስት ነጥብ አራት

ታንኳችን አየር ላይ የቆመች ትመስላለች፤
ጥላዋ ተለይታት፣ አሥር ሜትር ወርዳ፣
ነጩ ድንጋይ ላይ ተኝታለች።
ኪላርኒ ነው፣ ኦንታሪዮ፤ መስከረም ሊጋመስ፤
ንፋስ የለም፣ ወፍ የለም፣ ዓሣ ሲዘል አይሰማ፤
ውሃው ብቻ፣ ጥርት ብሎ፣
የሚደብቀው የሌለው መስሎ።

"ይኼስ ምን መድኃኒት ይፈልጋል?" አልኩ፣ ኩባያዬን ነክሬ።
ኤርኪ አልመለሰልኝም። መቅዘፊያውን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ
ከደረት ኪሱ ብዕር የምታህል መለኪያ አወጣ፣
ጫፏን አጠለቀ፣ ቁጥሯ እስኪረጋ ጠበቀ፤
"አምስት ነጥብ አራት" አለ፣ ድምፁን ዝቅ አርጎ፣
የልጁን ትኩሳት እንደሚያነብ ሰው።

ውሃ ሲወስድ አሳስቆ ነው፤
ይህኛው ግን አሳምሮ ነው የወሰደው።

ሰባት መሐል ነው። ከሰባት ቁልቁል መጎምዘዝ ነው፤
ደረጃው ግን የቤት ደረጃ አይደለም፣
አንድ በወረዱ ቁጥር አሥር እጥፍ ይብሳል።
ምላስ አያውቀውም። ቀመስኩት፤
ጥርስ ከመቆርጠም በቀር ሌላ ጣዕም የለውም።

የኤርኪ አባት ሰድበሪ፣ ማቅለጫው ቤት፣
ሠላሳ አንድ ዓመት ኒኬል ከድንጋይ ሲያስለቅቅ ኖረ፤
ድኙ በጭስ ይወጣል። ከተማው ሲያስል
ጭስ ማውጫውን አስረዘሙት፣ ሰማይ ሊነካ ምንም አልቀረው።
ጭሱም ራቀ፤
ራቀ እንጂ አልጠፋ፤
እዚህ መጥቶ ዝናብ ሆነ።
ይህ ነጭ ተራራ ደግሞ መልክ እንጂ እጅ የለውም፤
የሰማዩን ቁጣ የሚያበርድበት
ቁራሽ ኖራ አጣ።
"መጀመሪያ የጠፋው ዓሣው አይደለም" አለ ኤርኪ፤
"እንቁላሉ ነው። ትልልቆቹ እዚሁ ነበሩ፤
በየዓመቱ ቁጥራቸው እያነሰ፣ እነሱ እየወፈሩ፤
አባቴ ዓሣው አደገልኝ ብሎ ደስ ይለው ነበር።"

ክሎሪን ጎምዛዛ ውሃ ይወዳል።
ይህን የተማርኩት በሆዴ ነው።
አምና በሐምሌ፣ ማዶ፣ ማኒቱሊን ደሴት፣
ድንጋዩ ሁሉ ኖራ፣ ውሃው ስምንት ተኩል፤
ያችኑ እንክብል ጣልኩ፣ ያችኑ ግማሽ ሰዓት ጠበቅኩ።
ሽታው አለ፣ ጉልበቱ የለም፤
መለዮውን እንደለበሰ በር ላይ የተኛ ዘበኛ።
አራት ቀን ከድንኳን ጫካ ተመላለስኩ፤
ውሃ የሚያነሳ ምክንያት ስፈልግ
ውሃው ራሱ ነበር ምክንያቱ።

እዚህ ግን እንክብሏ ሙሉ ጦሯን ይዛ ትገባለች፤
የሚገደል ባነሰበት ሐይቅ
ገዳዩ በረታ።
ይህን ስለው ኤርኪ ፊቱን አጨማደደ፤
"ግጥም አታድርጊው፣ ስመኝ።
ከድንጋዩ የሟሟውን አሉሚኒየም እንክብል አይነካውም፤
እኔ ከዚህ የምጠጣው ለአንድ ሌሊት ነው፣ ለሁለት አይደለም።"

ጠርሙሴን ሞላሁ። እንክብሏን በጣቴ ይዤ
ወደ ብርሃን ባነሳው አንድ ነገር ተወዛወዘ፤
የሩዝ ፍሬ ታክላለች፣ ጭራዋ ሦስት፣
በጎንና ጎኗ ላባ የመሰለ፣ የምትተነፍስበት።
"ቆዪ!"
መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ ጠርሙሱን ወደ ዓይኑ አስጠጋ፤
ስሟን በፊንላንድኛ ነገረኝ፣ አያቱ የሚጠሯትን፤
መያዝ አቃተኝ። ልጅ ሳለ ያያት ነበር፤
ከዚያ ወዲህ እዚህ ሐይቅ ላይ አላያትም።

ደብተሩን ገለጠ። ካቻምና፣ አምስት ነጥብ ሦስት።
አምና፣ አምስት ነጥብ ሦስት።
የዘንድሮውን ጻፈ፤ ከጎኑ አንድ ትንሽ ጭረት፣
ባለ ሦስት ጭራ።

ጠርሙሱን ቀስ ብዬ ዘቅዝቄ መለስኳት፤
ወደ ጥላችን ወረደች፣ ከዓይኔ ጠፋች።
ራቅ ብዬ ቀዳሁ፣ በነጠላ ጨርቅ አጠለልኩ፣ እንክብሏን ጣልኩ።
ግማሽ ሰዓት ይበቃ ነበር፤
ጎንበስ ብለን ወደ ታች እያየን
ከሰዓት በላይ ቆየን፤
ውሃ የጠማው አልነበረም።